ሽልንግ ስንት ነው?



በዚህ ዓምድ አንድ አንድ ቃል እያነሣን ትርጉሙንና አነጋገሩን አብረን እንመለከታለን። የዛሬው ቃላችን ሽልንግ ነው።

አባቶቻችንና እናቶቻችን ሃምሳ ሳንቲምን ሽልንግ ይሉት ነበር። ሃያ አምስት ሳንቲም ስሙኒ፣ ሃምሳ ሳንቲም ሽልንግ። «አንድ ሽልንግ ጨምሪና ውሰጂው» ሲባል ገበያተኛው ሁሉ ይገባው ነበር። ዛሬ በሃምሳ ሳንቲም የሚገዛ ነገር የለም ማለት ይቻላል። ቃሉን ግን ትልልቅ ሰዎች አልረሱትም።

አሁን አንድ ነገር ልብ እንበል። ሃምሳ ሳንቲሙን በእጃችን ይዘን ጽሑፉን ብናነብ ሽልንግ የሚል ቃል አናገኝበትም። ታዲያ ሰው ይህን ስም ከየት አመጣው? ስንትስ ማለት ነው? ለመልሱ መጀመሪያ ወደ ቃሉ አገር፣ ወደ እንግሊዝ እንሂድ።

ሽልንግ በአገሩ

የእንግሊዞች ትልቁ የገንዘብ ልክ ፓውንድ ይባላል። ትንሹ ፔኒ ነው። ዛሬ አንድ ፓውንድ 100 ፔኒ ነው። እንደ እኛ ብርና ሳንቲም መሆኑ ነው።

ድሮ ግን እንዲህ አልነበረም። በፓውንድና በፔኒ መካከል ሽልንግ ነበረ። 12 ፔኒ አንድ ሽልንግ ይሆናል። 20 ሽልንግ አንድ ፓውንድ ይሆናል። እንግዲህ 12 ጊዜ 20፣ 240 ነው። አንድ ፓውንድ 240 ፔኒ ነበር ማለት ነው።

«ምነው በ12 መቁጠር?» እንል ይሆናል። እኛም እኮ እርሳስና ብርጭቆ በደርዘን ስንገዛ በ12 እንቆጥራለን። 12 ለመካፈል ይመቻል። ለሁለት ሰው 6፣ ለሦስት 4፣ ለአራት 3 ይደርሳል። 10 ግን ለሦስትም ለአራትም ሲካፈል ይተርፋል።

ዋጋውን ሲጽፉ በቁጥሮቹ መካከል አንድ ዘንበል ያለ መስመር ያደርጉ ነበር። 2/6 ተብሎ ከተጻፈ ሁለት ሽልንግ ከስድስት ፔኒ ማለት ነው። ፔኒ ከሌለው ደግሞ 5/- ብለው ይጽፉታል። ይህም አምስት ሽልንግ ማለት ነው። የመስመሩን ትርጉም የማያውቅ ሰው 2/6ን እንደ ሒሳብ ክፍልፋይ ሊያነበው ይችላል።

በንግግር ጊዜ ደግሞ እንግሊዞች ሽልንግን ቦብ ይሉት ነበር። ቦብ ሲበዛም አይለወጥም። አንድ ቦብ፣ አምስት ቦብ፣ አሥር ቦብ ይባላል። እኛስ «አምስት ብር» እንል የለም? «አምስት ብሮች» አንልም። ስድስት ፔኒም የሰፈር ስም ነበረው፤ ታነር ይባል ነበር።

ሽልንግ የድሃውም ገንዘብ ነበር። በብዙ የኪራይ ቤቶች ውስጥ የጋዙና የመብራቱ ቆጣሪ ሽልንግ ይጎርስ ነበር። ተከራዩ ሽልንግ ሲከትበት ምድጃው ይነዳል። ሽልንጉ ሲያልቅ እሳቱ ይጠፋል። ስለዚህ በብርዱ ወራት ሰው ለማታ የሚሆን ሽልንግ ከኪሱ እንዳይጠፋ ይጠነቀቅ ነበር።

ሳንቲሙ ሞቶ ስሙ ሲኖር

እንግሊዞች ጊኒ የሚባል የወርቅ ገንዘብም ነበራቸው። አንድ ጊኒ 21 ሽልንግ ነው። ከፓውንድ በአንድ ሽልንግ ይበልጣል። ይህ የወርቅ ገንዘብ መሠራቱ ከቀረ ከ200 ዓመት በላይ ሆኖታል። ስሙ ግን አልቀረም። ሐኪሙ፣ ጠበቃው፣ የጥሩ ልብስ ሰፊው ዋጋቸውን በጊኒ ይናገሩ ነበር።

ነገሩ እንዴት ነው ቢሉ እንዲህ ነው። አንድ ሰው «ዋጋው 10 ጊኒ ነው» ቢባል የ10 ፓውንድ ያህል ይሰማዋል። ሒሳቡ ሲሠራ ግን 10 ፓውንድ ከ10 ሽልንግ ይመጣል። ጆሮ የሰማው 10 ነው፤ ኪስ የከፈለው ከ10 ይበልጣል። እስከ ዛሬ ድረስ በእንግሊዝ አገር የእሽቅድምድም ፈረሶች በጊኒ ሒሳብ የሚሸጡበት ጨረታ አለ።

የንጉሥ ሽልንግ

«የንጉሥ ሽልንግ ወሰደ» የሚል የእንግሊዞች አነጋገር አለ። ወታደር ሆነ ማለት ነው።

ድሮ ወታደር የሚመለምለው ሰው በየገበያውና በየመጠጥ ቤቱ እየዞረ ጎልማሶችን ያግባባ ነበር። የተስማማው ሰው አንድ ሽልንግ ይሰጠዋል። ሽልንጉን መቀበል የውል ምልክት ነው። ከዚያ በኋላ «አልፈልግም» ማለት ቀላል አልነበረም። ብዙዎቹ ማንበብና መጻፍ የማይችሉ ድሆች ነበሩ። አንዳንዱ ሰክሮ፣ አንዳንዱ ተታሎ ሽልንጉን ይቀበል ነበር። ሽልንጉ ለአንድ ቀን ይበቃዋል፤ ውሉ ግን ብዙ ዓመት ያስረዋል። ይህ ልማድ በአውሮፓ አቆጣጠር በ1879 ቀረ። አነጋገሩ ግን እስከ ዛሬ አለ።

ሌላም አነጋገር አለ። አንድ አባት ልጁን ሊነፍገው ሲፈልግ በኑዛዜው ላይ አንድ ሽልንግ ብቻ ያወርሰዋል። «ረስቶኝ ነው» እንዳይል ስሙ ተጽፏል። ድርሻው ግን ሽልንግ ብቻ ነው። እንግሊዞች እንዲህ ያለውን ልጅ «በሽልንግ የተቆረጠ» ይሉታል።

አሮጌው ፔኒና አዲሱ ፔኒ

እንግሊዞች የድሮውን አቆጣጠር የካቲት 8 ቀን 1963 ዓ.ም. (በአውሮፓ 1971) ለወጡት። ፓውንዱ ባለበት ቀረ። ነገር ግን 240 ፔኒ መሆኑ ቀርቶ 100 አዲስ ፔኒ ሆነ። አንድ ሽልንግ ደግሞ 5 አዲስ ፔኒ ሆነ።

እዚህ ላይ ቆም ብለን እናስብ። ሽልንግ በፊት 12 ፔኒ ነበር። አሁን 5 ነው። ስለዚህ አሮጌው 12 ፔኒና አዲሱ 5 ፔኒ እኩል ናቸው። አንድ ዕቃ ዋጋው 5 ብቻ ተብሎ ቢጻፍ ገዢው ምን ያውቃል? አሮጌ 5 ከሆነ ከግማሽ ሽልንግ ያንሳል። አዲስ 5 ከሆነ ሙሉ ሽልንግ ነው። ቁጥሩ አንድ ነው፤ ገንዘቡ ግን ከእጥፍ በላይ ይለያያል። በዚያ ጊዜ ብዙ ሽማግሌዎችና አሮጊቶች «ነጋዴው ዋጋ ቢጨምርብን በምን እናውቃለን?» ብለው ተጨንቀው ነበር።

ለዚህ ነው ሁለቱን በምልክት የለዩአቸው። የአሮጌው ፔኒ ምልክት «ዲ» የሚባለው ፊደል ነበር። ይህም የጥንት ሮማውያን ዲናሪየስ ከሚሉት ገንዘብ ስም የተወሰደ ነው። የአዲሱ ምልክት የፔኒ የመጀመሪያ ፊደል «ፒ» ሆነ። ዛሬ እንግሊዞች ሲነጋገሩ «አምስት ፔኒ» በማለት ፈንታ «አምስት ፒ» የሚሉት ከዚህ የተነሣ ነው። በአዲሶቹ ሳንቲሞች ላይም «አዲስ» የሚል ቃል በቋንቋቸው ለብዙ ዓመት ተጽፎባቸው ነበር። ማንበብ ለሚችል ሰው ይህ ትልቅ መከላከያ ነው።

አሮጌው የሽልንግ ሳንቲምም ወዲያው አልጠፋም። መጠኑ ከአዲሱ 5 ፔኒ ጋር አንድ ስለ ነበረ ሁለቱ ጎን ለጎን ሲሠራባቸው ቆዩ። ሽልንጉ ከገበያ የወጣው በአውሮፓ አቆጣጠር በ1990 መጨረሻ ነው።

ሽልንግ ወደ እኛ እንዴት መጣ?

እንግሊዞች በምሥራቅ አፍሪካ ግዛቶቻቸው ውስጥ ሌላ ሽልንግ አሠርተው ነበር። ይህ የምሥራቅ አፍሪካ ሽልንግ የተጀመረው በአውሮፓ አቆጣጠር በ1921 ነው። በሳንቲሙ ላይ አንበሳ፣ ከአንበሳውም በስተኋላ ተራሮች ይታያሉ። ስሙ ሽልንግ ይሁን እንጂ 12 ፔኒ አይደለም። 100 የምሥራቅ አፍሪካ ሳንቲም ነው።

በ1933 ዓ.ም. ጣሊያን ከአገራችን ሲወጣ የእንግሊዝ ጦር አብሮ ገብቶ ነበር። ይህ ሽልንግ የገባው ያን ጊዜ ነው። በዚያ ዘመን በየገበያው ማርትሬዛ ብር፣ የጣሊያን ሊሬና ሽልንግ ተቀላቅለው ይሠራባቸው ነበር።

በሐምሌ ወር 1937 ዓ.ም. አዲስ የኢትዮጵያ ገንዘብ ወጣ። ልውውጡም አንድ ብር በሁለት ሽልንግ ሆነ። እንግዲህ እናካፍል። አንድ ብር ሁለት ሽልንግ ከሆነ ግማሽ ብር አንድ ሽልንግ ነው። ግማሽ ብር ደግሞ 50 ሳንቲም ነው። ሽልንጉ ከአገር ወጣ፤ ስሙ ግን በሃምሳ ሳንቲሙ ላይ ተቀመጠ። ከዚያ በፊትማ ግማሽ ብር አላድ ይባል ነበር። በዐፄ ምኒልክ ገንዘብ ላይ አላድ የሚለው ቃል ተጽፎ ይገኛል።

ስምን መልአክ ያወጣዋል ይባላል። የገንዘብን ስም ግን ብዙ ጊዜ የሚያወጣው ገበያ ነው።

ዛሬስ?

ሽልንግ በዓለም ላይ ጨርሶ አልጠፋም። የኬንያ፣ የኡጋንዳ፣ የታንዛኒያና የሶማሊያ ገንዘብ ዛሬም ሽልንግ ይባላል። ስማቸው አንድ ነው፤ ዋጋቸው ግን አንድ አይደለም። አንድ የኬንያ ሽልንግ ከአንድ የኡጋንዳ ሽልንግ በብዙ ይበልጣል። በሞያሌ በኩል ከብት ነድቶ የሚሸጥ ሰው ይህን ማወቅ አለበት። «ይህን ያህል ሺህ ሽልንግ እሰጥሃለሁ» ቢባል «የማን አገር ሽልንግ?» ብሎ መጠየቅ አለበት።

ስለዚህ የገንዘብ ስም ስንሰማ ሦስት ነገር እንጠይቅ።

አንደኛ፣ የየት አገር ገንዘብ ነው?
ሁለተኛ፣ ቁጥሩ ስንት ነው?
ሦስተኛ፣ ዛሬ ወደ ብር ሲመነዘር ስንት ይሆናል?

ውል ወይም ደረሰኝ ሲሆን ሦስቱም በወረቀቱ ላይ መጻፍ አለባቸው። ቁጥሩ በአሃዝም በፊደልም ይጻፍ። ጽፈው ሲሰጡንም ሳንፈርም እናንብበው። በቃል የተነገረው ሌላ፣ የተጻፈው ሌላ ሆኖ ቢገኝ ለዳኛ የሚቀርበው የተጻፈው ነው።

አብረን እንቁጠር

1. 2/6 ስንት ፔኒ ነው?
2. ሦስት ጊኒ ስንት ሽልንግ ነው?
3. አንድ ነጋዴ በ1937 ዓ.ም. 7 ሽልንግ ይዞ ወደ ብር ቢመነዝር ስንት ያገኛል?

መልሱን ከማየታችን በፊት በወረቀት ላይ እንሥራው። ቤት ውስጥ ትልቅ ሰው ካለም ሽልንግ በነበረበት ጊዜ በአንድ ሽልንግ ምን ይገዛ እንደ ነበር እንጠይቅና ጽፈን እናስቀምጠው።

መልስ፦ 1. ሠላሳ ፔኒ። 2. ስድሳ ሦስት ሽልንግ። 3. ሦስት ብር ከሃምሳ ሳንቲም።