አቤቱታን መስማት ግዴታ እንጂ ችሮታ አይደለም

በሥልጣን ወንበር ላይ የተቀመጠ ሰው የሚወስነው በራሱ ሳይሆን በሕዝብ ስም እንደሆነ ማንም አይክደውም። ይህ በቃል የታመነ እውነት በተግባር የሚፈተነው ግን ባለጉዳዩ ደጃፉን ባንኳኳ ጊዜ ነው። «ነገ ና»፣ «ስብሰባ ላይ ናቸው» እየተባለ የሚሸኝ ዜጋ ተሸነፈ ሊባል አይችልም፤ ከነጭራሹ አልተሰማምና። ከመሸነፍ የከፋውም ይኸው ነው።

ነገሩን ከጣና ዳርቻ እንመልከተው። የጣቁሳ ወረዳ መቀመጫ በሆነችው በደልጊ፣ ይዞታው ለመንገድ ወይም ለከተማ ማስፋፊያ የተፈለገበት አንድ ገበሬ አለ እንበል። በ2011 ዓ.ም. የወጣው የመሬት ማስለቀቂያና የካሣ አዋጅ ቁጥር 1161 ለእንዲህ ያለው ሰው መንገድ ከፍቶለታል፤ የማስለቀቂያ ትእዛዝ በደረሰው በ30 ቀን ውስጥ ለአቤቱታ ሰሚ አካል፣ ከዚያም ለይግባኝ ሰሚ ጉባኤ፣ በመጨረሻም ለፍርድ ቤት። ይሁንና ከአንዱ ደረጃ ወደ ሌላው የሚያሻግረው በጽሑፍ የሰፈረ ውሳኔ ነው። አቤቱታው የቀረበለት ሹም በቃል «አይሆንም» ብሎ ቢያሰናብተው፣ ወይም ማመልከቻውን መሳቢያ ውስጥ ከትቶ ዝም ቢል፣ ገበሬው ይግባኝ የሚለው በምን ላይ ነው? ጎንደር ቢወጣ፣ ጣናን ተሻግሮም ባሕር ዳር ቢደርስ፣ ለመዝገብ ቤቱ ምን ያሳያል?

የፍርድ ቤት ተግባር የሚጀምረው እዚህ ላይ ነው። ዳኛው የሹሙን ሥራ ነጥቆ ይሥራ የሚል የለም። «ይህን ሰው ጥራው፤ ማስረጃውን እይለት፤ የወሰንክበትን ምክንያት ጽፈህ በተወሰነ ቀን ስጠው» ብሎ ማዘዝ ይበቃዋል። በአገራችን ይህን አሳብ ግልጽ የሕግ መልክ ያስያዘው በ2012 ዓ.ም. የወጣው የፌዴራል የአስተዳደር ሥነ ሥርዓት አዋጅ ቁጥር 1183 ነው። ውሳኔው የሚነካው ሰው እንዲደመጥ፣ ውሳኔውም በጽሑፍና ከነምክንያቱ እንዲሰጥ ደነገገ፤ ውሳኔውን የመከለስ ሥልጣንንም ለፌዴራል ከፍተኛ ፍርድ ቤት ሰጠ። ከስሙ እንደምንረዳው ግን የሚገዛው የፌዴራል መሥሪያ ቤቶችን ነው፤ የደልጊው ጽሕፈት ቤት ደግሞ የክልል ነው።

ለደልጊው ገበሬ የሚቀርበው በ1987 ዓ.ም. የጸደቀው ሕገ መንግሥት አንቀጽ 37 ነው። ማንኛውም ሰው በፍርድ ሊወሰን የሚገባውን ጉዳይ ለፍርድ ቤት ወይም የዳኝነት ሥልጣን ላለው ሌላ አካል የማቅረብ መብት እንዳለው ይናገራል። ክርክሩ የሚነሣው «በፍርድ ሊወሰን የሚገባው» ከሚለው ነው፤ መሥሪያ ቤቱ «ጉዳዩ አስተዳደራዊ ነው» ብሎ ይከላከላል። መሬቱ ለመንገድ ይዋል አይዋል የሚለው አስተዳደራዊ ሊሆን ይችላል። ሰውየው ተሰምቷል ወይስ አልተሰማም የሚለው ግን የዳኝነት ጥያቄ ካልሆነ ሌላ ምን ሊሆን ነው? መብት ብቻውን ተጽፎ ሥርዓቱ ሲዘገይ ምን እንደሚመጣ የሶቪየት ኅብረት ታሪክ ያሳየናል። እ.ኤ.አ. የ1977ቱ ሕገ መንግሥት አንቀጽ 58 በባለሥልጣን ሕገ ወጥ ድርጊት ላይ ለፍርድ ቤት አቤት ማለትን ፈቅዶ፣ አፈጻጸሙን ግን ለሌላ ሕግ ተወው። ያ ሕግ የወጣው እ.ኤ.አ. በ1987 ነው፤ 10 ዓመት ሙሉ!

እንዲህ ያለውን ትእዛዝ የሚነቅፉ አሉ፤ ነቀፌታቸውም ባዶ አይደለም። በሕንድ ከፍተኛ ፍርድ ቤቶች ባለሥልጣናትን «አቤቱታውን መርምራችሁ ወስኑ» እያሉ ማዘዝ የተለመደ ነው። የአገሪቱ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ግን ፍሬ ነገሩ ሳይታይ የሚሰጥ እንዲህ ያለ ትእዛዝ ዘመን ያለፈበትን ክርክር እንደሚቀሰቅስ እ.ኤ.አ. በ2008 አስጠንቅቋል። ልበ ደንዳና ሹምም ለይስሙላ ሰምቶ ያንኑ «አይሆንም» ሊጽፍ ይችላል። ይጻፈው! የተጻፈ እምቢታ ምክንያቱ ይመረመራል፣ ይነቀፋል፣ ይሻራል።

ስለዚህ የቀበሌ ነዋሪም ሆነ ሠራተኛ ማመልከቻ ሲያስገባ በቅጂው ላይ ቀንና የመዝገብ ቁጥር ያስጽፍ፤ መልሱንም በጽሑፍ ይጠይቅ። መጻፍ ለማይችል ጎረቤቱ የተማረው ይጻፍለት። ነገ ዛሬ ሳይባል መሆን አለበት፤ ባለጉዳዩ ደጅ ሲጠና የ30 ቀኑ ቆጠራ አይቆምለትምና።