የሠርግ እንግዶችን ለማስቀመጥና ለማስተናገድ የሚረዳ መዝገብ ስለ መምረጥ

ሠርግ ደግሶ ወዳጅ ዘመድን መጥራት ከአባቶቻችን የወረስነው መልካም ልማድ ነው። ነገር ግን የድግስ ክብር በጠጁ ብዛትና በሰንጋው ስባት ብቻ የሚለካ አይደለም፤ የተጠራው ሰው ሁሉ እንደ ክብሩ ተቀምጦ፥ ለእምነቱና ለጤናው የሚስማማውን በልቶ፥ ሳያፍር ወደ ቤቱ ሲመለስ ነው እንጂ። ጾመኛው ቅቤ ከገባበት ወጥ ፊት እጁን አጣጥፎ ቢቀመጥ፥ ወይም ሙስሊሙ ጎረቤት የትኛው ሥጋ ለእርሱ እንደ ተዘጋጀ የሚነግረው አጥቶ ሳይቀምስ ቢሄድ፥ ነውሩ የአሳላፊው ሳይሆን የባለሠርጉ ነው።

በቀድሞው ዘመን በቤተ መንግሥት ግብር በሚበላበት ጊዜ ማን አስቀድሞ እንደሚገባና ማን በየት በኩል እንደሚቀመጥ የሚጠነቀቅ አጋፋሪ ነበረ። የዛሬ ባለሠርግ ግን አጋፋሪ የለውም። የሚጠራውም ሰው ከመሥሪያ ቤት፥ ከዕድር፥ ከትምህርት ቤት ጓደኛና ከባሕር ማዶ የተሰበሰበ ስለ ሆነ፥ ሁሉን በቃሉ የሚያውቅ አንድ ሰው አይገኝም። ስለዚህ አጋፋሪው በቃሉ ይይዘው የነበረውን ዛሬ በመዝገብ መያዝ ግድ ሆኗል።

መዝገቡን ከመምረጥ በፊት አንድ ነገር ልብ ማለት ይገባል። ሰው ሁሉ በየሳሕኑ በሚበላበት አገር የመቀመጫ ነገርና የምግብ ነገር ሁለት ናቸው። በእኛ አገር ግን ብዙ ሰው ከአንድ ማዕድ ስለሚቈርስ፥ ጾመኛውንና ፍስክ የሚበላውን ባንድ ገበታ ማስቀመጥ አንደኛውን ማስራብ ነው። እንግዲህ መቀመጫው በአንድ ወረቀት፥ ምግቡ በሌላ ወረቀት ቢጻፍ ሁለቱ ሳይስማሙ ይቀራሉ። ለእኛ የሚጠቅመው መሣሪያ የእንግዳውን ስም፥ የገበታውን ቍጥርና የሚበላውን ምግብ ባንድ መሥመር የሚያሳይ ነው።

መሣሪያዎቹ በሦስት ይከፈላሉ። የመጀመሪያው የተሰመረ ደብተር ነው። መብራት ቢጠፋ አይጠፋም፤ ማንበብ የሚችል ሁሉ ይረዳዋል። ጉድለቱ ግን እንግዳ በተጨመረና በተቀነሰ ቍጥር ስርዝ ድልዝ መብዛቱ ነው። ከ100 ለማይበልጥ እንግዳ ደብተር ይበቃል። ሁለተኛው ቁራጭ ካርቶን ነው። ለእያንዳንዱ እንግዳ አንድ ካርቶን ተጽፎ፥ የምግቡ ዓይነት በቀለም ከተለየ በኋላ፥ የዳሱ ወይም የአዳራሹ ሥዕል በተሣለበት ሰፊ ወረቀት ላይ ይደረደራል። ሽማግሌዎች ተሰብስበው አቀማመጥ በሚመክሩበት ጊዜ ከዚህ የሚሻል የለም፤ ያላማራቸውን አንሥተው ወደ ሌላ ገበታ ይወስዱታልና። ሦስተኛው እንደ ኤክሴልና እንደ ጉግል ሺትስ ያለው የኮምፒዩተር ሰንጠረዥ፥ ደግሞም ለሠርግ ተብሎ በውጭ አገር የተሠራው የስልክ ፕሮግራም ነው። እነዚህ በአንድ አፍታ ይቈጥራሉ፥ ይለያሉ፥ በየተራው ይደረድራሉ።

የውጭ አገሩን ፕሮግራም ገንዘብ ከፍሎ ከመያዝ በፊት አሥር ስም አስገብቶ መፈተን ይገባል። አብዛኛው ስምንና የቤተ ሰብ ስምን ለይቶ ይጠይቃል። በእኛ ልማድ ግን ሴት ብታገባም በአባቷ ስም ትጠራለችና፥ በቤተ ሰብ ስም የሚደረድር ፕሮግራም ባልና ሚስትን በተለያየ ገበታ ሊያስቀምጥ ይችላል። እንደዚሁም ምግብ ሲጠይቅ «ቬጀቴሪያን» የሚለው ሥጋ የማይበላውን ሰው ነው እንጂ ጾመኛውን አይደለም፤ ቬጀቴሪያን የተባለው ብዙ ጊዜ ወተትና እንቍላል ይበላል። ለጾማችን የሚቀርበው «ቪጋን» የሚለው ነው። የምግቡን ስም ባለቤቱ ራሱ እንዲጽፍ የማይፈቅድ፥ የአማርኛ ፊደል የማይቀበል፥ በወረቀትም የማይታተም ፕሮግራም ቢያምርም ይቅር።

የፊደል ነገርም ቀላል አይደለም። ኮምፒዩተር የሚያየው የፊደሉን መልክ እንጂ ድምፁን አይደለም። አንዱ ዘመድ «ኃይሉ» ብሎ፥ ሌላው «ሀይሉ» ብሎ የጻፈው ያው አንድ ሰው በሰንጠረዡ ላይ ሁለት ሰው ሆኖ ይቈጠራል፤ በበር ላይም ስሙ ሲፈለግ ይታጣል። በፍርድ ቤት መዝገብ ላይ የኖረ ሰው ይህን ጠንቅ ያውቀዋል። መድኀኒቱ መዝገቡን የሚጽፍ አንድ እጅ ብቻ መሆኑ ነው። ዘመድ ሁሉ ይየው፥ እርማቱንም ይንገር፤ የሚያርመው ግን አንድ ሰው ይሁን።

ስለ ምግቡ እንግዳውን መጠየቅ እንጂ መገመት አይገባም። ሠርጉ በጥቅምት ቢውል ጾመ ጽጌ የፈቃድ ጾም ስለ ሆነ፥ ከአንድ ቤት አንዱ ጾሞ ሌላው ሳይጾም ይመጣል። በጥር ውስጥም ከጥምቀት በኋላ ቢሆን መልሱ ወይም ቅልቅሉ ረቡዕና ዓርብ እንዳይውል ማየት ነው፤ ጾመ ነነዌም ከጥር 17 ጀምሮ ሊገባ ስለሚችል የዓመቱን ባሕረ ሐሳብ አስቀድሞ መጠየቅ ይበጃል። ከትንሣኤ በኋላ ባሉት 50 ቀኖች ግን ረቡዕና ዓርብም ስለማይጾም ነገሩ ይቀላል። ለሙስሊም እንግዶች የራሳቸው አራጅ፥ የራሳቸው ድስትና የራሳቸው አሳላፊ ይደረግላቸው፤ በጠጅ ፈንታም ያልፈላ ብርዝ ይቅረብላቸው።

ምሳሌ እንስጥ። 300 ሰው ተጠርቶ በአንድ ገበታ 10 ሰው ቢቀመጥ 30 ገበታ ያስፈልጋል። ከነዚህ 43ቱ ጾመኞች ቢሆኑ 4 ገበታ ይሞላና 3 ሰው ይተርፋል። ሦስቱን በፍስኩ ገበታ ጠርዝ ላይ ከማስጠጋት ለብቻቸው ትንሽ መሶብ አቅርቦ ከጾመኞቹ አጠገብ ማስቀመጥ ይሻላል። ነገር ግን በምግብ መለየት በክብር መለየት እንዳይመስል ብርቱ ጥንቃቄ ያስፈልጋል። የጾመኞቹም ሆነ የሙስሊሞቹ ገበታ በዳሱ ጥግ ወይም በበር ሥር አይሁን፤ የባለሠርጉ የቅርብ ወዳጅ ከሆኑ እንደ ወዳጅነታቸው ከፊት ይሁኑ። በውርስ ነገር የሚካሰሱ ዘመዶች ቢኖሩም በእኩል ማዕርግ፥ በተለያየ ገበታ ይቀመጡ፤ አንደኛው ከፍ፥ አንደኛው ዝቅ ቢል ሠርጉ ለክሳቸው አንቀጽ ይጨምርላቸዋልና።

የሕመም ነገር በመዝገብ ሲጻፍ የእንግዳውን ምሥጢር መጠበቅ ግዴታ ነው። «የስኳር በሽተኛ» ከማለት «ስኳር የሌለው መጠጥ»፥ «የደም ግፊት አለበት» ከማለት «ጨው የቀነሰ» ብሎ መጻፍ ይበቃል። አሳላፊው ማወቅ የሚገባው የሚያቀርበውን እንጂ የሰውን ሕመም አይደለም። ስንዴና ገብስ ለሚጎዳው ሰው ንጹሕ የጤፍ እንጀራ ይስማማዋል፤ ሌላ እህል የተቀላቀለበት እንደ ሆነ ግን ይጎዳዋልና ለጋጋሪዋ አስቀድሞ ይነገር። ለውዝ ወይም ሰሊጥ የሚጎዳው ሰው ካለ ለወጥ ቤቶቹ ሁሉ ይነገር፤ ይህ ለሕይወት የሚያሰጋ ነውና።

ወጣቶችን በቴሌግራም መጠየቅ ይቻላል፤ ታላላቆችን ግን በስልክ ወይም በአካል ሄዶ በአክብሮት መጠየቅ ይገባል። ጥያቄውም ከሠርጉ 15 ቀን በፊት ይጀመር፥ ከ5 ቀን በፊት ይዘጋና ቍጥሩ ለወጥ ቤቱ ይሰጥ።

በመጨረሻም መዝገቡ በምንም መሣሪያ ቢሠራ በሠርጉ ዕለት ሦስት ቅጅ በወረቀት ይታተም፤ አንዱ በበር ለሚቀበለው፥ አንዱ ለወጥ ቤቱ አለቃ፥ አንዱ ለአሳላፊዎች አለቃ። የስልክ ባትሪ ያልቃል፥ ኔትዎርክ ይጠፋል፤ የአሳላፊውም እጅ ወጥ የነካው ስለ ሆነ ስልክ ሊይዝ አይችልም። መሣሪያ ስንመርጥ ልንጠይቀው የሚገባን ጥያቄ የትኛው ያምራል የሚል ሳይሆን፥ ድስቱን ይዞ በገበታው መካከል የሚመላለሰው ልጅ አንብቦ ይረዳዋልን? የሚል ነው።

እግዚአብሔር ለሙሽሮች ሁሉ የተባረከ ትዳር፥ ለባለሠርጎችም የማይጓደል ማዕድ ይስጥልን።