መርዶ ያልደረሳት

ባሏ ወይም ልጇ በባሕር የጠፋባትን ሴት በትዕግሥቷ ማመስገን ይቀናናል። እኔ ይህን ምስጋና አልወደውም። መርዶ የሚነግራት ስለታጣ የምትጠብቅ ሴት፣ ልትመሰገን ሳይሆን ልትካስ ይገባታል።

ታያሮይ ሱር ሜር ሴኔጋል ውስጥ ዳካር አጠገብ ያለች የዓሣ አጥማጆች መንደር ናት። የውጭ ትልልቅ መርከቦች ባሕሩን አስሰው ዓሣው ሲመናመን፣ የመንደሩ ጀልባዎች በዓሣ ፈንታ ሰው ይጭኑ ጀመር። እ.ኤ.አ. በ2006 ብቻ ከምዕራብ አፍሪካ ተነሥተው የስፔን ካናሪ ደሴቶች የደረሱት ከ30,000 ይበልጣሉ። ያልደረሱትን ማን ቆጠራቸው?

የቀረችው ሴት ኑሮ ከውጭ ሲያዩት ጸጥ ያለ ነው። ማለዳ ባሕር ዳር ወርዳ ዓሣ ትገዛለች፤ ሰንጥቃ፣ በጨው አሽታ ፀሐይ ላይ ታሰጣለች። አማቷን ትጦራለች። ስልክ ቁጥሯን አትቀይርም፤ ቢደውልስ? አንዱ መጥቶ «እስር ቤት ነው አሉ» ካላት ሌላ ዓመት ትጠብቃለች። አስከሬን ሳታይ ልቅሶ መቀመጥ በገዛ እጇ እንደመግደል ይሆንባታል። ባሏ የሞተባት ሙስሊም ሴት 4 ወር ከ10 ቀን ሐዘን ተቀምጣ ትወጣለች። በአገሩ በሚከተሉት በማሊኪ የእስልምና ሕግ መዝሀብ ግን ባሏ የጠፋባት ሴት ጉዳዩን ለዳኛ አቅርባ 4 ዓመት መጠበቅ አለባት፤ ሐዘኑ የሚቆጠርላት ከዚያ ወዲህ ነው። እስከዚያ ሚስትም አይደለች፣ መበለትም አይደለች።

ያዪ ባያም ዲዩፍ የዚያች መንደር ሴት ናት። በዚያው 2006 ልጇን ባሕር ወሰደባት። እሷ ግን ቤቷን ዘግታ አልተቀመጠችም፤ እንደሷ የተጎዱትን ሴቶች ሰብስባ ማኅበር አቋቋመች፣ ወጣቶቹን በጀልባ አትሂዱ ማለት ጀመረች። ሐዘንተኞቹ አብረው መቀመጣቸው በራሱ ትልቅ ነገር ነው።

የእኛም እናቶች በዚሁ ውስጥ ናቸው። እ.ኤ.አ. በሚያዝያ 2024 ከየመን ወደ ጂቡቲ ኢትዮጵያውያን ጭና ስትመለስ የነበረች ጀልባ ጎዶሪያ አቅራቢያ ሰጥማ ከ20 በላይ ሰዎች አለቁ። ከእነዚህ የአንዱ እናት ዛሬም ልጄ ሳውዲ ነው ብላ ስልክ ትጠብቅ ይሆናል። መርዶው እንዲደርሳት፣ አስከሬን ሳይቀበር የዲኤንኤ ናሙናው ይወሰድ፣ ልብሱና ጠባሳው ይመዝገብ። እዚህም ቤተሰብ የጠፋበትን ሰው ስም የሚያስመዘግብበትና የራሱን ናሙና የሚሰጥበት ቢሮ በየዞኑ ይከፈት። ይህን ከመንግሥት መጠየቅ የብዙ ገንዘብ ጥያቄ አይመስለኝም።