ከ«ምርት ሦስት ሺህ ዓመት» ካሜራ ጀርባ

በኢትዮጵያ ሲኒማ ታሪክ ስማቸው ሳይነሳ ከሚታለፉ ባለሙያዎች አንዱ አሜሪካዊው ኤሊየት ዴቪስ ናቸው። ኃይሌ ገሪማ እ.ኤ.አ. በ1976 ለዕይታ ያበቁት «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት» የተሰኘው የአማርኛ ፊልም በጥቁርና ነጭ፣ በ16 ሚሊ ሜትር የተቀረጸው በእርሳቸው ካሜራ ነው። ቀረጻው ዘውዳዊው ሥርዓት ከወደቀ በኋላ ወታደራዊው አገዛዝ ሥር ከመስደዱ በፊት በሁለት ሳምንት ገደማ የተጠናቀቀ ሲሆን፣ የተሳተፉትም ሙያዊ ተዋንያን አልነበሩም። የገንዘብ አቅሙ ውስን በሆነ ሥራ ላይ የተበላሸን ትዕይንት ደጋግሞ መቅረጽ አይቻልም። በመሆኑም የካሜራ ባለሙያው በተፈጥሮ ብርሃን ፈጥኖ መወሰንን ይማራል።

ይህ ልምድ ለዴቪስ በኋላ መሠረት ሆኗል ማለት ይቻላል። ከዳይሬክተር ስቲቨን ሶደርበርግ ጋር በ1990ዎቹ የሠሩ ሲሆን፣ ከእነዚህ መካከል «አውት ኦፍ ሳይት» (እ.ኤ.አ. 1998) ይጠቀሳል። እ.ኤ.አ. በ2003 የቀረጹት አነስተኛ በጀት ያለው «ሰርቲን» ለዳይሬክተሯ ካትሪን ሃርድዊክ በሰንዳንስ ፌስቲቫል የዳይሬክቲንግ ሽልማት አስገኝቷል። ሁለቱ ባለሙያዎች ከአምስት ዓመት በኋላ በ«ትዋይላይት»ም አብረው ሠርተዋል፤ ፊልሙም በዓለም ዙሪያ ከ400 ሚሊዮን ዶላር በላይ አስገብቷል። በነጻ ፊልም የሚሠራ የካሜራ ባለሙያ የዕለት ክፍያው ቢያንስም ቀጣዩን ሥራ የሚያስገኝለት ከዳይሬክተሩ ጋር የመሠረተው መተማመን ነው።

እዚህ ላይ ትኩረት የሚሻ ጉዳይ አለ። ከኢትዮጵያ ተነስተው ዓለም አቀፍ ዕውቅና ያገኙ ልብ ወለድ ፊልሞችን በካሜራ የቀረጹት በአመዛኙ የውጭ ባለሙያዎች ናቸው። እ.ኤ.አ. በ2008 በቬኒስ የተሸለመውን «ጤዛ» ጣሊያናዊው ማሪዮ ማዚኒ፣ እ.ኤ.አ. በ2014 በሰንዳንስ የተመልካቾችን ሽልማት ያገኘውን «ድፍረት» ፖላንዳዊቷ ሞኒካ ሌንቼቭስካ፣ በቀጣዩ ዓመት በካን ፌስቲቫል የቀረበውን «ላምብ» ካናዳዊቷ ጆዜ ዴሼ ቀርጸዋቸዋል። የባለሙያዎቹ ብቃት አያጠያይቅም፤ ሆኖም ቀረጻው ሲያበቃ ልምዱ ከእነርሱ ጋር ይሄዳል። ካሜራ የሚያቀብለው፣ መብራት የሚያቆመው ወጣት የኢትዮጵያ ረዳት በቀጣዩ ፊልም ዋናው ባለሙያ የሚሆንበት መንገድ ግን ጠባብ ነው። የሚኒስትሮች ምክር ቤት በ2010 ዓ.ም የፊልም ፖሊሲ አጽድቋል። የውጭ ቡድን ለቀረጻ ፈቃድ ሲጠይቅ የሀገር ውስጥ ባለሙያ በካሜራ ክፍል በኃላፊነት እንዲመደብ ማድረግ ለአስፈጻሚ አካላት ከባድ ወጪ የሚጠይቅ እርምጃ አይደለም።

ከዚህ አካሄድ ለየት ያለ ሥራም አለ። በሐረር ያደጉት ጀሲካ በሽር እ.ኤ.አ. በ2021 ባቀረቡት «ፋያ ዳይ» የተሰኘ ዘጋቢ ፊልም ካሜራውን የያዙት ራሳቸው ናቸው። ቀረጻው ለዓመታት የዘለቀ ሲሆን፣ ይህም ፊልም እንደ «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት» በጥቁርና ነጭ ነው።