የት አለ? የት ይደርሳል? ማን ነው?

ስለ ጦር መሣሪያ የሚጻፉ ጽሑፎች አብዛኛውን ጊዜ የአፈሙዙን ስፋትና የጥይቱን ርቀት ሲዘረዝሩ ይታያል። እኛ ፀረ-አውሮፕላን መድፍን የምናነሳው ግን ስለ ብረቱ ለመናገር ሳይሆን ከብረቱ ጀርባ ስላለው ስሌት፣ ይልቁንም ስሌቱ ብቻውን ሊመልሰው ስላልቻለው ጥያቄ ለመናገር ነው። በሰማይ የሚበርን ነገር ከምድር ሊመታ የሚነሳ ሰው ሦስት ጥያቄዎችን መመለስ ይኖርበታል። ያ ነገር አሁን የት አለ? ቅምቡላው እስኪደርስ ድረስ የት ይሆናል? ለመሆኑስ ማን ነው? በእኛ እምነት ያለፉት 150 ዓመታት የአየር መከላከያ ታሪክ ለመጀመሪያዎቹ ሁለት ጥያቄዎች ታላላቅ አእምሮዎች የተሰለፉበት፣ ሦስተኛው ግን ተገቢውን ክብደት ያላገኘበት ታሪክ ነው።

ታሪኩ የሚጀምረው ከአውሮፕላን በፊት ነው። በ1870 የፕራሻ ጦር ፓሪስን በከበበ ጊዜ (በዚህ ጽሑፍ ተለይቶ ካልተገለጸ በቀር ዓመታቱ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው) የከተማዋ ነዋሪዎች ደብዳቤና ሰው በባሎን ማውጣት ጀመሩ። የክሩፕ ፋብሪካም በጋሪ ላይ የሚጫን ቀላል የባሎን መምቻ መድፍ ሠራ፤ ይሁን እንጂ ከ60 ከሚበልጡት ባሎኖች አብዛኞቹ አመለጡ። በ1911 ኢጣሊያዊው ጁሊዮ ጋቮቲ በሊቢያ ከአውሮፕላን ቦምብ በመጣል የመጀመሪያው ሆነ። በ1915 ደግሞ የሰርቢያው ወታደር ራዶዬ ሉቶቫትስ ለዚህ ተግባር ባልተሠራ መድፍ በክራጉዬቫትስ ከተማ ላይ አንድ አውሮፕላን መትቶ ጣለ። እኛም አገር ኅዳር 26 ቀን 1928 ዓ.ም. የኢጣሊያ አውሮፕላኖች ደሴን በቦምብ በደበደቡ ጊዜ ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ራሳቸው ከመሣሪያ ኋላ ቆመው ወደ ሰማይ ተኩሰዋል። በዚያ ዘመን በእጅ የነበረው ፀረ-አውሮፕላን መሣሪያ እጅግ ጥቂት ነበር፤ ኢላማውንም የሚወስነው የተኳሹ ዓይንና ግምት ነበር።

ግምት ለምን እንደማይበቃ በቀላል ሒሳብ ማየት ይቻላል። በሰዓት 360 ኪሎ ሜትር የሚበር አውሮፕላን በሰከንድ 100 ሜትር ይጓዛል። ቅምቡላው ወደ ከፍታው ለመድረስ 15 ሰከንድ ቢወስድበት አውሮፕላኑ በዚያ ጊዜ ውስጥ 1,500 ሜትር ርቆ ሄዷል። ስለሆነም ተኳሹ የሚያነጣጥረው በአውሮፕላኑ ላይ ሳይሆን በባዶ ሰማይ ላይ ነው። ይህም ብቻ አይደለም፤ ቅምቡላው የሚፈነዳበት ሰከንድ ከመተኮሱ በፊት መሞላት ነበረበት። በሰከንድ 400 ሜትር የሚጓዝ ቅምቡላ ግማሽ ሰከንድ ዘግይቶ ቢፈነዳ 200 ሜትር አልፎ ይፈነዳል። አብራሪው በመሐል አቅጣጫውን ቢቀይር ደግሞ ስሌቱ ሁሉ ከንቱ ይሆናል።

በ1940 ጀርመን ብሪታንያን ከአየር ስትደበድብ አንድ አውሮፕላን ለመጣል በአማካይ 20,000 ያህል ቅምቡላ ይተኮስ እንደነበር ፊዚሲስቱ ፓትሪክ ብላኬት መዝግቦታል። በብላኬት የተመራው አነስተኛ ቡድን አዲስ መድፍ አልሠራም። ያጠናው ራዳሩ፣ የስሌት መሣሪያውና ወታደሮቹ እንዴት ተቀናጅተው እንደሚሠሩ ነበር። በተከታዩ ዓመት ቁጥሩ ወደ 4,000 ያህል ዝቅ አለ። በቡድኑ ውስጥ ከፊዚክስና ከሒሳብ ሰዎች ጋር ሦስት የፊዚዮሎጂ ባለሙያዎች እንደነበሩ አንባቢ ልብ እንዲልልን እንወዳለን፤ ኋላ እንመለስበታለንና።

በአሜሪካም ኖርበርት ዊነር የአውሮፕላንን የወደፊት መንገድ ካለፈው መንገዱ ለመተንበይ ያደረገው ጥረት በ1948 ሳይበርኔቲክስ ብሎ ለሰየመው የጥናት መስክ መነሻ ከሆኑት አንዱ ሆነ። ሌሎች ተመራማሪዎች ደግሞ በቅምቡላው አፍንጫ ውስጥ ትንሽ ሬዲዮ ገጥመው ኢላማውን ሲቃረብ በራሱ እንዲፈነዳ አደረጉ። ይህች ሬዲዮ በሚተኮስበት ቅጽበት ከመሬት ስበት 20,000 እጥፍ የሚደርስ ግፊትን መቋቋም ነበረባት። ራዳሩ፣ የስሌት መሣሪያውና ይህ ቅምቡላ በ1944 የበጋ ወራት በእንግሊዝ ጠረፍ ላይ በአንድነት ሲሰለፉ፣ በመጀመሪያዎቹ ሳምንታት በብዛት ያልፉ የነበሩት ቪ-1 የተባሉት የጀርመን በራሪ ቦምቦች በነሐሴ መጨረሻ አብዛኞቹ ከመንገድ የሚቀሩ ሆኑ።

ይህ ድል በመማሪያ መጻሕፍት ሲወሳ የሚዘነጋ አንድ ነገር አለ። ቪ-1 አብራሪ የሌለውና በቀጥታ መስመር የሚበር ቦምብ በመሆኑ ሁለተኛውን ጥያቄ ቀላል አድርጎታል። ሦስተኛው ጥያቄ ደግሞ አስቀድሞ በሥርዓት ተመልሷል። መድፎቹ በሐምሌ ወር ወደ ጠረፉ ሲዛወሩ የወገን ተዋጊ አውሮፕላኖች ወደ መድፎቹ ክልል እንዳይገቡ ተደርጎ ሰማዩ ተከፋፍሎ ነበር። ተኳሾቹ «ማን ነው?» ብለው መጨነቅ ያላስፈለጋቸው ከዚህም የተነሳ ነው።

ከዚያ ወዲያ ሚሳይል መጣ፤ የመምታት ችሎታም እጅግ አደገ። ግንቦት 1 ቀን 1960 የሶቪየት ሚሳይል ከ20 ኪሎ ሜትር በላይ ይበር የነበረውን የአሜሪካ ዩ-2 የስለላ አውሮፕላን ጣለ፤ በዚያው ዕለት ግን የራሷ የሶቪየት ኅብረት ሚግ-19 ተዋጊም በወገን ሚሳይል ወደቀ። በ1988 የአሜሪካ የጦር መርከብ በባሕረ ሰላጤው ላይ የኢራንን የመንገደኞች አውሮፕላን መትቶ 290 ሰዎች አለቁ። በ2014 በምሥራቅ ዩክሬን 298፣ በጃንዋሪ 2020 ደግሞ በቴህራን አቅራቢያ 176 ሰዎች በተመሳሳይ መንገድ ሞቱ። በእነዚህ ሁሉ ሚሳይሉ የታለመለትን ከመምታት አልሳተም፤ የተሳተው ሦስተኛው ጥያቄ ነው።

ለዚህ መፍትሔው የበለጠ ኮምፒዩተር ነው የሚሉ አሉ። ክርክሩ እውነትነት ባይጎድለውም ሙሉ አይደለም። በ1988 የመርከቡ ኮምፒዩተር አውሮፕላኑ ከፍ እያለ መሆኑን በትክክል መዝግቦ ነበር፤ በጭንቀት ላይ የነበሩት ሰዎች ግን ዝቅ እያለ ወደ እነርሱ እየመጣ ነው ብለው አመኑ። በ2020 ደግሞ የኢራን ባለሥልጣናት ባወጡት ሪፖርት መሠረት፣ የመከላከያ መሣሪያው ቦታ ከቀየረ በኋላ የራዳሩ አቅጣጫ በትክክል አልተስተካከለም ነበር። በአንደኛው ማሽኑ ልክ ሆኖ ሰው ተሳሳተ፤ በሌላው ሰው ማሽኑን በተሳሳተ ማዕዘን አቆመው። «ወገን ወይስ ጠላት?» ብሎ በሬዲዮ የሚጠይቀው መሣሪያም ቢሆን ምላሽ ሲያገኝ ወገንን ይለያል እንጂ፣ ዝምታ ሁሉ ጠላት ነው ማለት አይደለም።

ጉዳዩ ከእኛም የራቀ አይደለም። በሜይ 2020 በሶማሊያ ባርዳሌ የሕክምና ቁሳቁስ ያመላልስ የነበረ አንድ የኬንያ አውሮፕላን ተመትቶ 6 ሰዎች ሞቱ፤ የተኮሱት የኢትዮጵያ ወታደሮች እንደነበሩና አውሮፕላኑን ለአጥፍቶ ጠፊ ጥቃት የመጣ አድርገው እንደገመቱት ተገልጿል። በዚያ ስፍራ የጎደለው የረቀቀ ራዳር አልነበረም፤ አውሮፕላን እንደሚመጣ የሚያስታውቅ መልእክት ነበር።

ዛሬ ርካሽ ሰው አልባ አውሮፕላኖች በብዛት በመምጣታቸው፣ ጊዜው አልፎበታል የተባለው መድፍ ወደ ሥራ ተመልሷል። ለውሳኔ የሚተርፈው ጊዜ ወደ ጥቂት ሰከንዶች ሲያጥር፣ ውሳኔውን ለማሽን የመተው ፈተናም ይበረታል። እኛ የምንለው ይህ ነው፤ ሦስተኛው ጥያቄ በቃታው አጠገብ ብቻ የሚመለስ ሆኖ መቅረት የለበትም። በ1944 ሰማዩን ከፋፍሎ አስቀድሞ መመለስ ተችሏል። በ2014 ግን በጦርነቱ ቀጣና ላይ ሰማዩ የተዘጋው እስከ 32,000 ጫማ ብቻ ነበር፤ የመንገደኞቹ አውሮፕላን በ33,000 ጫማ ይበር ነበር። ሰማይን በወቅቱ መዝጋት ከየትኛውም ሚሳይል ይረክሳል።

ስለዚህ በሳይንስ ፋኩልቲዎች የምትገኙና ወደዚያ የምታመሩ ተማሪዎች፣ የብላኬትን ቡድን አስታውሱ። ፊዚዮሎጂስቶቹ እዚያ የተቀመጡት መሣሪያውን የሚይዘው ሰው ያያል፣ ይደክማል፣ ይሳሳታል ተብሎ ነው። ስለ ራዳር ሞገድና ስለ ቅምቡላ ጎዳና የሚማር ተማሪ፣ በጭንቀት ውስጥ ያለ ሰው የተመለከተውን ቁጥር እንዴት እንደሚያነብም መማር ይገባዋል። ሕግና ሥነ-ልቦና የሚያጠናው ጓደኛውም ከጎኑ ሊቀመጥ ይገባል። ቀጥሎ የሚሠራው የአየር መከላከያ «የት አለ?» እና «የት ይደርሳል?» የሚሉትን ከአሁኑ በፈጠነ ሁኔታ እንደሚመልስ አንጠራጠርም፤ «ማን ነው?» የሚለውን በእኩል ጥንቃቄ እንዲመልስ ማድረግ ግን የእናንተ የትምህርት ክፍሎች ድርሻ ነው።