ከአባባ ተስፋዬ በፊት የነበረው ተስፋዬ

ማክሰኞ ዕለት አዳማ ውስጥ ከፖስታ ቤት ወደ ፍራንኮ በባጃጅ ስሄድ፣ አጠገቤ በእናቷ ጭን ላይ ያለች ሕፃን ማልቀሷን አላቆም አለች። ሾፌሩ በመስታወቱ አየት አደረጋትና ድምፁን ጎተት አድርጎ «ልጆች! ጤና ይስጥልኝ!» አላት። ልጅቱ ዝም አለች። በዚህ ሰላምታ የሚታወቁትን አባባ ተስፋዬን በልጅነቱ በቴሌቪዥን ያያቸው እንደነበር ነገረኝ። «ተዋናይ እንደነበሩስ ታውቃለህ?» አልኩት። «ተረት ነጋሪ አልነበሩም እንዴ፣ ጋሼ?» አለኝ።

አልፈረድኩበትም። ተስፋዬ ሣህሉ በ1915 ዓ.ም. ባሌ ውስጥ ተወልደው፣ በ1957 ዓ.ም. ሥራ በጀመረው የኢትዮጵያ ቴሌቪዥን ከ40 ዓመት በላይ ተረት ነግረውናል። ሐምሌ 2009 ዓ.ም. ሲያርፉ አገሩ ያለቀሰው እንደ አያቱ ነው። ከቴሌቪዥኑ በፊት ግን የቴአትር ሰው ነበሩ፤ ኮሪያ ድረስ ከዘመተው የቃኘው ሻለቃ ጋር ሄደው ወታደሩን አጫውተዋል።

እኔን ሁልጊዜ የሚገርመኝ ሴት ሆነው መጫወታቸው ነው። ያኔ ሴት ልጅ መድረክ መውጣቷ ነውር ስለነበር ቀሚሱን የሚለብሰው ወንድ ነው። ወጣቱ ተስፋዬም ለብሰዋል። ይህ ቀላል ሥራ የሚመስለው ይሳሳታል። ወንድ ቀሚስ ለብሶ ቢወጣ የሚያስቀው አንድ ደቂቃ ነው። ከዚያ በኋላ ተመልካቹ ጢሙን ረስቶ የሴትዮዋን ኩርፊያ፣ እልኋን፣ ነጠላዋ ሳይወልቅ መልሳ የምታጣፋበትን እጅ ማየት አለበት። ይህን የሚችል ሰው ነው ኋላ ስቱዲዮ ውስጥ ልጆች ከበውት የተቀመጠው። ጅቡ ሲናገር ድምፃቸው ይወፍራል፤ ጦጣ ስትመጣ ይቀጥናል። እኛ ልጆቹ የምናየው ጅቡንና ጦጣዋን ነበር።

አስቂኝ ተዋናይን አሳንሰን እናያለን። እዚሁ አዳማ በየትምህርት ቤቱ የድራማ ክበብ ውስጥ ጎበዝ የተባለው ልጅ ንጉሥ ይሆናል፣ አሮጊቷንና ሰካራሙን ለቀልደኛው ይተዉለታል። ንጉሡ ቆሞ ቢናገር ይበቃዋል። አሮጊቷን የሚጫወተው ልጅ ግን ወገቡን፣ ጉልበቱን፣ ትንፋሹን ሳይቀር መለወጥ አለበት። ጭብጨባው ለሁለቱም እኩል ሲሆን አይቼ አላውቅም። ለዚያ ልጅ የተስፋዬ ሣህሉን ታሪክ የሚነግረው መምህር ባገኝ እጅ እነሳለሁ።

ይህን ሁሉ ለሾፌሩ እያወራሁ ፍራንኮ ደረስን። ሒሳቡን ተቀበለኝና ስልኩን አወጣ። «ያንን ቀሚስ ለብሰው የሠሩትን በምን ስም ልፈልገው?» አለኝ። በዚያ ዘመን መድረክ ላይ የተሠራው ካዩት ሰዎች ጋር አብሮ ሄዷል። የምሰጠው ስም አልነበረኝም።