ራስ ፍልጠትና ድባቴ፤ መድኃኒትን ስለ መሸሸግ

ራስ ፍልጠት የማይገባበት ቤት በጉለሌ የለም ብንል ከእውነት የራቅን አይመስለንም። የተማሪ ደብተር ሲያርም ያመሸ መምህር፥ ሽሮ ሜዳ ላይ በሸማ ሥራ አቀርቅሮ የዋለ ሸማኔ፥ ራሱን በነጠላ ጠፍሮ ሲቃትት ያላየ ማን ነው? ነገር ግን ራስ ምታት ሁሉ አንድ አይደለም። ማይግሬን የሚባለው ብዙ ጊዜ የራስን አንድ ወገን ይዞ እንደ ልብ ትርታ የሚመታ፥ ብርሃንና ድምፅን የሚያስጠላ፥ ሆድንም የሚያቅለሸልሽ ሕመም ነው።

ይህ ሕመም ብቻውን የማይመጣበት ጊዜ ብዙ ነው። ማይግሬን ያለበት ሰው ከሌላው ይልቅ ድባቴ በሚባለው የመንፈስ ሕመም የመያዝ ዕድሉ ከፍ ያለ መሆኑን ሐኪሞች ያውቃሉ። ስለዚህ ያው ሰው ለራሱ ሕመም ከአንድ ክሊኒክ፥ ለመንፈሱ ሕመም ከሌላ ሐኪም ቤት መድኃኒት ይቀበላል። ሁለቱም ሐኪሞች የሚገባውን መድኃኒት አዝዘው ሳለ፥ አንዱ የሌላውን ትእዛዝ ሳያውቅ ይቀራል። ልንናገር የወደድነው ስለዚህ አለመተዋወቅ ነው።

መድኃኒት እንደ መጠኑና እንደ ጓደኛው ፈውስም መርዝም ይሆናል። ምስክሩን ከአገራችን እናቅርብ። በ1970 ዓ.ም. በወሎ በዋድላ ደላንታ፥ በ1993 ዓ.ም. ደግሞ በአርሲ፥ ኤርጎት የሚባል ፈንገስ የገባበትን እህል የበሉ ሰዎች እጅና እግራቸው ደም እያጣ ጠቆረ፤ የሞቱም ነበሩ። የአርሲውን ገብስ በላቦራቶሪ የመረመረው እዚሁ ጉለሌ የሚገኘው፥ ዛሬ የኢትዮጵያ የኅብረተሰብ ጤና ኢንስቲትዩት የተባለው ተቋም ነው። ከዚያው ከኤርጎት፥ በአውሮጳ አቆጣጠር በ1918፥ በስዊስ አገር በባዝል ከተማ ተነጥሮ የወጣው ኤርጎታሚን ግን በልክ ሲወሰድ የማይግሬን ማስታገሻ ሆነ። ይኸው ማስታገሻ ደግሞ ኤሪትሮማይሲንን ወይም ሪቶናቪርን ከመሰለ መድኃኒት ጋር ቢገናኝ፥ በሰውነት ውስጥ ከልክ በላይ ተከማችቶ በወሎና በአርሲ የታየውን ጉዳት ሊያመጣ ይችላል። እንክብሉ ያው ነው፤ የተለወጠው ጓደኛው ነው።

ወደ ድባቴ መድኃኒት እንመለስ። ፍሉኦክሰቲንና ሰርትራሊን የተባሉት በአንጎል ውስጥ ሴሮቶኒን የሚባለውን ንጥረ ነገር ሥራ ያጠነክራሉ። ሱማትሪፕታንን የመሰሉት የማይግሬን መድኃኒቶችም በዚሁ በሴሮቶኒን መንገድ ይሠራሉ። ስለዚህ የአሜሪካ የምግብና የመድኃኒት አስተዳደር በሐምሌ 1998 ዓ.ም. ሁለቱ አብረው ሲወሰዱ ሴሮቶኒን ከልክ አልፎ ሕይወትን የሚያሰጋ ሕመም ሊያስከትል ይችላል ሲል አስጠነቀቀ። ብዙ ሰውም ፈራ። ይሁን እንጂ በ2010 ዓ.ም. የታተመ፥ በቦስተን አካባቢ ሁለቱ የታዘዙላቸውን ከ19,000 የሚበልጡ ሕመምተኞች መዝገብ የመረመረ ጥናት፥ ሕመሙ ያለጥርጥር ደርሶባቸው የተገኙት ሁለት ብቻ መሆናቸውን አመለከተ። እንግዲህ ሐኪም አውቆ ሁለቱን ቢያዝዝ መደንገጥ አይገባም። ማስጠንቀቂያውን ሰምቶ የድባቴውን መድኃኒት በገዛ እጅ በድንገት ማቋረጥ ግን ራሱ ጉዳት ያመጣል።

ታዲያ ሊያሳስበን የሚገባው የቱ ነው? እኛን የሚያሳስበን ትንሽ መስሎ የሚታለፈው ነው። ለራስ ምታት ያለ ሐኪም ትእዛዝ የሚገዛው አይቡፕሮፌን ወይም ዲክሎፌናክ፥ ከፍሉኦክሰቲን ወይም ከሰርትራሊን ጋር ሲወሰድ የጨጓራ መድማትን ያበረታል። ትራማዶል የተባለው የሕመም ማስታገሻ ከእነዚሁ ጋር ሲገናኝ የሚጥል ሕመም ሊቀሰቅስ፥ ያንኑ የሴሮቶኒን መብዛትም ሊያመጣ ይችላል። አሚትሪፕቲሊን ደግሞ ለድባቴም ማይግሬንን ለመከላከልም ስለሚታዘዝ፥ ሁለት ሐኪሞች ሳይተዋወቁ ለአንድ ሰው ሁለት ጊዜ ሊያዝዙት ይችላሉ፤ መጠኑ ሲበዛም ልብን ይጎዳል። አዲስ መድኃኒት በተጀመረ ወይም መጠኑ በጨመረ በሰዓታት ውስጥ መንቀጥቀጥ፥ ብዙ ላብ፥ ትኩሳት፥ የልብ መፍጠን፥ የጡንቻ መወራጨትና የአእምሮ መቃወስ ቢታይ፥ ሳይዘገዩ ወደ ሆስፒታል መሄድ ይገባል።

ይህ ሁሉ በአንዲት ጥያቄና በአንዲት መልስ ሊድን የሚችል ነበር። ነገር ግን መልሱ አይሰጥም። ራሱን ያመመው ሰው «ራሴን ያመኛል» ብሎ በአደባባይ ይናገራል፤ የድባቴ መድኃኒት የሚወስድ ግን ጠርሙሱን ከትራሱ በታች ይሸሽጋል። በከተማችን «አማኑኤል ሄዷል» መባል እስከ ዛሬ እንደ ስድብ ይቈጠራልና። ሚስት ከባልዋ፥ መምህር ከርእሰ መምህሩ ይደብቃል፤ በመጨረሻም ሕመምተኛው ከገዛ ሐኪሙ ይደብቃል። አባቶቻችን «በሽታውን የሸሸገ መድኃኒት አይገኝለትም» ብለዋል። በዘመናችን ደግሞ መድኃኒቱን የሸሸገ ሌላ በሽታ ይገኝለታል ብንል አልተሳሳትንም።

ጥፋቱን ግን በሕመምተኛው ላይ ብቻ መጫን ፍርደ ገምድልነት ነው። በመድኃኒት ቤት መስኮት ፊት አሥር ሰው ተሰልፎ ሳለ፥ «ሌላ ምን መድኃኒት ትወስዳለህ?» ተብሎ ጮክ ብሎ የተጠየቀ ሰው እውነቱን እንዲናገር እንዴት እንጠብቃለን? እኛ በጤና ሥራ ላይ ያለን ሰዎች ጥያቄውን ሳንረሳ፥ ነገር ግን ዝግ ባለ ድምፅና ገለል ባለ ስፍራ ልንጠይቅ ይገባናል። ምስጢር የማይጠበቅበት ቦታ እውነት አይነገርም።

ከአንባብያን የምንለምነው ቀላል ነገር ነው። የምትወስዱትን መድኃኒት ሁሉ ስምና መጠን በአንዲት ቁራጭ ወረቀት ጽፋችሁ በኪሳችሁ ያዙ፤ ሐኪም ወይም የመድኃኒት ባለሙያ ፊት ስትቀርቡ ወረቀቱን ብቻ ስጡ። አፍ ያፈረበትን ወረቀት ይናገርለታል። ከቤት የምትጨምቁትንም ዳማከሴ ቢሆን ጻፉት። ለጎረቤት የታዘዘውን እንክብል «እኔን ረድቶኛል» ቢላችሁም አትቀበሉ።

ክቡራን መምህራን ሆይ፥ በእናንተ ላይ ደግሞ ሌላ አደራ አለ። ልጆች ስድብን ከትልልቆች ሰምተው ያድጋሉ። የመንፈስ ሕመም እንደ ራስ ምታት ሕመም መሆኑን፥ ሐኪም ቤትም ሁሉ ሐኪም ቤት መሆኑን በክፍላችሁ ብታስተምሩ፥ ነገ ከነዚያ ልጆች አንዱ በሐኪም ፊት ቆሞ የሚወስደውን መድኃኒት ስም ሳያፍር ይናገራል። ያን ቀን ከብዙ መድኃኒት የበለጠ ሥራ ሠርታችኋል ማለት ነው።